«ደክሞኛል» ያለው ማን ነው?

ይህ ታሪክ ከሥሩ እስከ ጫፉ እውነት ነው። ቅንጣት ውሸት የተገኘበት እንደሆነ ጺሜ በአንድ ጎን ብቻ ይብቀል፤ ጫማዬም ሁለቱም የግራ ይሁኑ። በመሃል «ኧረ ይሄስ በዛ!» የሚል አንባቢ ካለ ደግሞ የጻፍኩት ጨምሬ ሳይሆን ቀንሼ መሆኑን ይወቅልኝ። ሙሉውን ብናገርማ ማን ያምነኛል?

አነፍናፊውን የማያውቀው የለም፤ ኢንስፔክተሩን ማለቴ ነው። እናቱ ያወጣችለት ስም ከተረሳ ቆይቷል። ሌባ እሱ ወደ ሰፈሩ መግባቱን ከሰማ የሰረቀውን ይመልስና ደረሰኝ ይጠይቃል። አንድ ጊዜ ባዶ ክፍል ገብቶ አየሩን አሽትቶ ብቻ «ገዳዩ ግራኝ ነው፤ ሚስቱም አኩርፋዋለች» ማለቱን፣ ሁለቱም እውነት ሆነው መገኘታቸውን ባልደረቦቹ ይመሰክራሉ። ባይመሰክሩም እሱ ራሱ ይመሰክራል።

ያን ቀን ጠዋት ግን ይህ ዝነኛ አፍንጫ ቀዝቅዞ ነበር። አዛዡ ደውሎለታል።

«ያለፈውን ወር ታስታውሳለህ?»

«የትኛውን ቀን ጌታዬ? ወሩ በሙሉ ድል ነበር።»

«ድመት ገድለሃል ብለህ የእንስሳት ሐኪሙን ያሰርክበትን፣ ድመቲቱም ጣራ ላይ ፀሐይ ስትሞቅ የተገኘችበትን ቀን።»

«ድመቷ እኮ ሆን ብላ ተደብቃ...»

«ዝም በል። አሁን የምልክህን ጉዳይ ዓለም ሁሉ እያየው ነው። ዳግመኛ ያላጠፋ ሰው እጅ ላይ ካቴና ብታጠልቅ መታወቂያህን ጠረጴዛዬ ላይ ታስቀምጥና ወደ ቤትህ። ጡረታ ምናምን የለም፤ በቃ፣ ወደ ቤትህ። ገባህ?»

«ገባኝ ጌታዬ። የተያዘው ጉዳይ ምንድን ነው?»

«ሞተር ጠፍታለች።»

ሞተር ማለት «ጎረቤት» የተባለውን መተግበሪያ የፈጠረችው ሴት ናት። መሰላል የሚዋሰውም፣ ቧንቧ ሠሪ የሚፈልገውም፣ ልጁ የጠፋበትም፣ ሥራ ፈትቶ ሰው የሚያማውም «ጎረቤት» ላይ ነው ያለው። ከተማው ስልኩ ላይ አቀርቅሮ ከመዋሉ የተነሳ ወፎች ሰው አናት ላይ ጎጆ መሥራት ጀምረዋል። ሞተርን ሞተር ያሰኛት አለመቀመጧ ነው። በአራት ዓመቷ የአባቷን ሬዲዮ ፈታ ስትገጥመው ገና ያልተቋቋሙ ጣቢያዎችን መያዝ ጀመረ ይባላል። መብራት በሌለው ቤት አድጋ፣ በመንገድ መብራት ሥር አጥንታ፣ ጥግ ይዛ በአንዲት ብሎን መፍቻ ስልክ ስትጠግን፣ ወንዝ ገብቶ የሞተ ስልክ አስነስታ ባለቤቱን «ሃሎ» አሰኝታዋለች። ከዚያ የስልክ አጠቃቀም የምታስተምርበት ገጽ ከፈተች፤ ከገጹ ላይ «ጎረቤት»ን ወለደች። ተከታዮቿ ከሕዝቡ ቁጥር ይበልጣሉ። እንዴት ቢሉ፣ ያልተወለዱትም ይከተሏታል። በየጠዋቱ ገጿ ላይ የምታወጣትን «ተነሡ!» የምትል መልእክት ሳያነብ ካልጋው የሚወርድ ሰው አልነበረም።

ያን ቀን «ተነሡ!» አልመጣም። ጎህ ሲቀድ የመጣው ይህ ነው፦

«ደክሞኛል። ጎረቤትን እዘጋዋለሁ። አትፈልጉኝ። ጎረቤቱን የፈለገ በሩን ያንኳኳ።»

*

ቢሮው አንድ የመስታወት ሕንፃ ላይ ከፍ ብሎ ነው ያለው። አነፍናፊው ሊፍቱን ንቆ ደረጃውን እየዘለለ ወጣና እኩሌታው ላይ ሲደርስ «ደረጃውን ልመርምር» ብሎ ቁጭ አለ። ሳጅኗ በሊፍት ቀድማው ወጥታ በር ላይ ጠበቀችው። ይህች ሳጅን ከማስቲካ ጋር የተወለደች ይመስል አፏ አያርፍም፤ ከማስቲካው የሚተርፈው ጊዜ አለቃዋን ለመውጋት ነው።

«ደረጃው ላይ ምን አገኙ ጋሼ?»

«አሻራ» አለ፣ ትንፋሹን እየሰበሰበ።

ውስጡ የተነካ የንብ ቀፎ ሆኗል። የተቀመጠ ሰው የለም፤ የተቀመጠውም ወዲያው ብድግ ይላል። ስልኮቹ ጠረጴዛ ላይ እየተንዘፈዘፉ እንደ ጢንዚዛ ወደ ጠርዝ ይሄዳሉ። አንዱ ዱብ ሲል ሌላው ይከተላል፤ የሚያነሣቸው የለም። ደዋዩ ሁሉ የሚጠይቀው አንድ ነገር ነው፦ እውነት ነው ወይ?

የሞተር ክፍል ወንበሩ ተገልብጧል። መጋረጃው ግማሹ ከዘንጉ ወርዷል። ጠረጴዛው ሥር ስኒ ተሰብሮ ስብርባሪው ላይ ደም ደርቋል። ትናንት አመሻሽ ላይ ሠራተኛው ሁሉ ሲወጣ እሷ ቀርታ ነበር። የሕንፃው ጥበቃ ከዚያ በኋላ ሲወጣም ሲገባም ያየው ሰው የለም፤ ኳስ እያየ ነበር።

«ስልኳስ?» አለ አነፍናፊው።

ሳጅኗ በአገጯ ጠቆመችው። ጥግ ላይ የሻይ ውሃ የሚፈላበት የኤሌክትሪክ ማንቆርቆሪያ አለ። ክዳኑን ቢከፍተው ስልኩ ውሃው ውስጥ ተጋድሟል።

«ቀቅለውታል!»

«ውሃው ቀዝቃዛ ነው ጋሼ።»

«ቀቅለው አቀዝቅዘውታል። የረቀቀ ወንጀለኛ ገጥሞናል ሳጅን። ሴትዮዋን አቁስሏል፣ ስልኳን አስጥሟል፣ ከዚያ በስሟ ጽፏል። የጻፈውን ካገኘን እሷን አገኘናት።»

*

«ጸሐፊዎች» የሚል የተለጠፈበት ክፍል ውስጥ ሦስት ሰዎች አሉ። አንዷ ዓይኗ በእንቅልፍ ያበጠ ወጣት ናት፤ ንጋት ይሏታል። ሁለተኛው ጺሙ ደረቱን የሚጠርግ ጎረምሳ ነው፤ እሱ ቀትር ነው። ሦስተኛዋ ጡረታ የወጡ መምህርት ናቸው፤ ምሽት ይባላሉ። ስማቸው የወጣው በሥራ ፈረቃቸው ነው።

«ለመጨረሻ ጊዜ ያያችኋት መቼ ነው?» ሲል ጀመረ አነፍናፊው።

«እኔን?» አለ ጺማሙ።

«አንተን አይደለም፤ እሷን።»

«እኮ፣ እኔን።»

ሳጅኗ ማኘክ አቆመች። መምህርቷ መነጽራቸውን አውልቀው ጣልቃ ገቡ። «ይቅርታ ልጄ፤ ልማድ ሆኖብን ነው። እዚህ ክፍል ውስጥ ስለ እሷ ስናወራ ‹እሷ› አንልም። ‹እሷ› ያለ ሰው ሲጽፍም ‹እሷ› ይላል፤ ገጹ ይበላሻል። ስለዚህ ‹እኔ› ነው የምንለው።»

«ቆይ፣ ቆይ። ገጿ ላይ ያለውን የምትጽፉት እናንተ ናችሁ?»

«ጠዋት እኔ ነኝ እኔ» አለች ንጋት። «ቀን እሱ ነው እኔ። ማታ እሳቸው ናቸው እኔ።»

«‹ተነሡ!› የምትለዋስ?»

«የኔ ናት። ግን ጠዋት መነሣት ስለማልችል ማታ ጽፌያት ነው የምተኛው። ዛሬ በሰዓቷ እንዳትወጣ ያ ጽሑፍ ቀድሟት ሁሉም ነገር ተደበላለቀ።»

«በመንገድ መብራት ሥር ያጠናሁበትን አንብበውታል?» አለ ቀትር ጺሙን እያሻሸ። «ስጽፈው አልቅሻለሁ። ያኔ ቀሚሴ አንድ ብቻ ነበረች፤ አጥቤ እስክትደርቅ ከበር ጀርባ...»

«እሷ ናት የነገረችህ?»

«የመንገድ መብራቱን ከቆየ ጽሑፍ ላይ ነው ያገኘሁት። ያንን የጻፈው ከእኔ በፊት እዚህ የሠራው እኔ ነው። ቀሚሷን እኔ ጨመርኩ።»

አነፍናፊው ራሱን ያዘ። በሥራ ዘመኑ ሁለት ስም ያላቸው ሌቦች፣ ሦስት ሚስት ያላቸው አጭበርባሪዎች ገጥመውታል። አራት አፍ ያላት ሴት ግን ይህች የመጀመሪያዋ ናት። የጠዋቱን ጽሑፍ ፊታቸው ዘረጋው።

«ይሄን የጻፈው ማን ነው?»

«እኔ አይደለሁም» አሉ ሦስቱም ባንድ አፍ።

«እሷስ ልትሆን አትችልም?»

ሦስቱም ሳቁ። «ልጄ» አሉ መምህርቷ «ይህን ሁሉ ዓመት እሷን ጽፌአለሁ። እሷ ‹ደክሞኛል› አትልም። አልጋ ላይ በወደቀች ጊዜ እንኳ ‹ሰውነቴ አዲስ ጉልበት እየሰበሰበ ነው› ነው ያለችው። እኔ ነኝ የጻፍኩት።»

«አጭርነቱስ!» አለች ንጋት። «አንድ እንኳ የልብ ምልክት የለው!»

«‹አትፈልጉኝ›?» አለ ቀትር፣ የተሰደበ ይመስል ብድግ ብሎ። «እኔ? እኔ ‹እንፈላለግ› ነው የምለው!»

«ከአነጋገር ይፈረዳል!» ብሎ አነፍናፊው ጣቱን ቀሰረ። «ሦስት ባለሙያ አንድ ቃል ሰጠ። ጽሑፉ የሌላ ሰው ነው።»

«ለማመሳከሪያ» አለች ሳጅኗ ቀስ ብላ «እሷ በራሷ እጅ የጻፈችው አንድ ነገር አላችሁ?»

ሦስቱ ተያዩ። «አለ እንጂ፤ ገጹ ሙሉ ነው» አለች ንጋት።

«ገጹ ሙሉ ነው እያሉሽ!» አለ አነፍናፊው። «ጊዜ አታባክኚ።»

ሊወጡ ሲሉ መምህርቷ ክንዱን ያዝ አደረጉት። «ሐሜት አልወድም። ግን ትናንት ሽቦ ሲጮህባት ሰምተናል። መስታወቱ እስኪንቀጠቀጥ ነው የጮኸው።»

*

ሽቦ «ጎረቤት»ን ከሞተር ጋር የመሠረተው መሐንዲስ ነው። ከመቅጠኑ የተነሳ በጎኑ ሲቆም አይታይም፤ ሊያነጋግሩት የመጡ ሰዎች ክፍሉ ባዶ መስሏቸው ተመልሰው ያውቃሉ። ዓይኑን ከኮምፒውተሩ አልነቀለም፤ ጉልበቱ ጠረጴዛ ሥር እንደ ስፌት መኪና ይመታል። የግራ አውራ ጣቱ ላይ ፕላስተር አለ። አነፍናፊው ፕላስተሯን ገና ከበሩ አይቷታል።

«ጽሑፉ የወጣው ከየት ነው?»

«ከሷ አካውንት ነው። ስልኩ ግን የሷ አይደለም። አሮጌ ነው፤ ሞዴሉ ከገበያ ከወጣ ቆይቷል። የገባው ሰው የይለፍ ቃሏን ሳይሳሳት ነው የጻፈው።»

«የይለፍ ቃሏን ማን ያውቃል?»

«እሷ። እኔ። ደግሞ እነ ‹እኔ›።»

«ጣትህን ምን ነካው?»

«ሽቦ ስልጥ።»

«ትናንት ምን አጣላችሁ?»

ጉልበቱ ቀጥ አለ። «የሥራ ነገር ነው።»

«ምን ዓይነት ሥራ ነው መስታወት የሚያንቀጠቅጥ?»

«ለማንም እንዳልናገር ቃል አስገብታኛለች። ስትመጣ ራሷ ትንገርዎት» አለና ወደ ኮምፒውተሩ ዞረ። ጉልበቱም ወደ ስፌቱ ተመለሰ።

«ስትመጣ አለ» አለ አነፍናፊው ሊፍቱ ውስጥ። «እንደማትመጣ የሚያውቅ ሰው ነው ‹ስትመጣ› የሚለው።»

«እንደምትመጣ የሚያውቅስ ምን ይላል?» አለች ሳጅኗ።

*

የሞተር የቀድሞ ባል መኪና ማስተማር ነው ሥራው። ስለማይቆም ያነጋገሩት ኋላ ወንበር ላይ ተቀምጠው ነው። መሪውን የያዙት አንዲት አዛውንት ሴት ናቸው፤ እግራቸው ቤንዚኑን እንደ ጠላት ይረግጣል። አነፍናፊው በጥይት መሃል ፉጨት እያፏጨ የሚሄድ ጀግና መሆኑ ይታወቃል። ያን ቀን ግን የበሩን እጀታ በሁለት እጁ ይዞ ነው ምርመራውን ያካሄደው።

«ትጠላት ነበር?»

«ማንን? ካገባኋት ወዲህ መች አገኘኋትና! ግራ እትዬ፤ ግራ ነው ያልኩዎት፤ እሱ ቀኝ ነው! ‹ዛሬ ራት አብረን እንብላ?› ብዬ ስጽፍላት ‹ውድ ጎረቤታችን፣ ስለ አስተያየትዎ እናመሰግናለን› የሚል መልስ ይመጣልኛል።»

ሳጅኗ ማስቲካዋን ዋጠች።

«አንድ ቀን ግን የሚያስለቅስ ደብዳቤ ላከችልኝ። እንደ ሕፃን ተንሰቀሰቅሁ፤ ያስቀየመችኝን ሁሉ ይቅር አልኩ። ለካ የጻፈው አንድ ጺማም ወንድ ነው! ፍሬን እትዬ! ፍሬን! ያን ቀን ነው ዕቃዬን የሰበሰብኩት።»

«ዛሬ ጎህ ሲቀድ የት ነበርክ?»

«እሳቸውን ይጠይቋቸው።»

«ከእኔ ጋር ነበር» አሉ ሴትዮዋ ዓይናቸውን ከመንገዱ ነቅለው ወደ ኋላ እየዞሩ። «አጥር ውስጥ።»

«አጥር ጋ?»

«ውስጥ ነው የምልህ ልጄ። የትራፊክ ፖሊሱም ነበር፤ የአጥሩ ባለቤትም ነበር። ማን ያልነበረ አለ?»

«ወደ ፊት ይዩ እትዬ!» አሉ ሦስቱም ባንድ ድምፅ።

ከመኪናው ሲወርዱ አነፍናፊው ምሰሶ ደገፍ ብሎ ቀለሙ እስኪመለስ ጠበቀና የመጨረሻዋን ጥያቄ ወረወረ። «አሮጌ ስልኳ እጅህ ላይ የለም?»

«የኔ እጅ ላይ የለም። አሮጌ ስልክ የሚሰበስብ ሽቦ ነው፤ መሳቢያ ሙሉ አለው።»

አነፍናፊው ሳጅኗን አያት። ሳጅኗ አዲስ ማስቲካ ላጠች።

*

የሞተር እናት ቤት ትንሽ ናት፤ አንድ ሳሎንና ከሳሎኑ ጀርባ አንድ ክፍል። እናቲቱ በሩን በትንሹ ከፈቱ። አነፍናፊው ግን በትንሽ በር የሚገባ ሰው አይደለም፤ ሳሎኑን በድምፁ ሞላው።

«እማማ! አይዞዎት! አነፍናፊው እዚህ አለ!»

«ቀስ ይበሉ ልጄ» አሉ እናቲቱ በሹክሹክታ።

«ድምፅ እንኳ ከድቷቸዋል» አለ ለሳጅኗ። «ፍርሃት እንዲህ ያደርጋል። እማማ፣ ልጅዎን መቼ ነው ያዩአት?»

«ልጄማ...»

«አይጨነቁ! ከዚህ የከበደ ስንት ጉዳይ ፈትቻለሁ!» ብሎ አንዴ የጀመረውን ማን ያስቁመው? በአንድ እጁ ሦስት ሌባ፣ በሌላው ሻይውን ይዞ ጠብታ ሳይደፋ ጣቢያ የገባበትን ቀን ተረከላቸው። ለምስክርነት የቀረበ በቀቀን ያናዘዘበትንም ተረከላቸው። እናቲቱ ሦስቴ አፋቸውን ከፈቱ፤ ሦስቴም «አውቃለሁ፣ የእናት አንጀት ነው» ብሎ አስቆማቸው። የሳጅኗ ሬዲዮ ሲንጫጫ እናቲቱ ሮጥ ብለው መዳፋቸውን ጫኑበት።

«እማማ፣ እዚህ ቤት ሌላ ሰው አለ?» አለች ሳጅኗ።

ሊመልሱ ሲሉ የአነፍናፊው ስልክ ጮኸ። አዛዡ ነው። ሕዝቡ «ጎረቤት»ን እየጣለ እየወጣ መሆኑን፣ ገሚሱ ሞተር ሞታለች ብሎ ማልቀስ መጀመሩን፣ የቀረው ደግሞ በየቤቱ እየሄደ በር እያንኳኳ መሆኑን ነገረው። «ወይ ሰውዬውን ያዝ፣ ወይ መታወቂያህን ይዘህ ና!»

«እማማ፣ ከሰዓት ቢሮዋ ይምጡ» አለ አነፍናፊው እየወጣ። «ልጅዎን ያጠፋውን ሰው በእጅዎ አስረክብዎታለሁ!»

«ኧረ እኔስ መምጣቴ አልቀረም» አሉ እናቲቱ፣ በሩን ያለ ድምፅ እየዘጉ።

*

የሽቦ መሳቢያ ሲከፈት አሮጌ ስልኮች እንደ ዓሣ ተዘረገፉ። አነፍናፊው አንድ በአንድ ሲያገላብጥ ከገበያ የወጣችውን ሞዴል አገኛት። ሲጫናት ቦግ ብላ በራች። ባትሪዋ ሙሉ ነው።

ከዚህ በላይ ምን ይፈለጋል? ሠራተኛው ሁሉ አዳራሹ ውስጥ እንዲሰበሰብ አዘዘ። እነ ንጋት ስልካቸውን ደቅነው ከሞተር ገጽ ላይ በቀጥታ ማስተላለፍ ጀመሩ። የሚያየው ሰው ብዛት ቁጥር አልበቃ ብሎት ማሽኑ «ብዙ ነው» ብቻ ብሎ ጻፈ። አነፍናፊው ኮሌታውን አስተካከለ። ካሜራው የትኛውን ጎኑን እንደሚያሳይ ጠይቆ በዚያው ጎኑ ቆመ።

«ጋሼ» አለች ሳጅኗ ጠጋ ብላ «ትንሽ ብንቆይስ? እናቲቱ የሚሉት ነገር ያላቸው ይመስለኛል። ደግሞ አዛዡ ያሉትን...»

«ታሪክ አይቆይም ሳጅን!»

ከዚያ ድምፁን ከፍ አደረገ።

«ወገኖቼ! ይህች ሴት ከጨለማ ቤት ወጥታ፣ በብሎን መፍቻ ዓለምን ፈታ የገጠመች ሴት ናት። የሷ ዓይነት ሰው ‹ደክሞኛል› አይልም። ይህንን በሦስት ባለሙያ አረጋግጫለሁ። እንግዲህ ‹ደክሞኛል› ያለው ማን ነው? የይለፍ ቃሏን የሚያውቅ ሰው ነው። አሮጌ ስልክ ያለው ሰው ነው። ትናንት የተጣላት፣ ስኒ ሲሰበር ጣቱ የቆሰለ ሰው ነው!»

ሕዝቡ ሁሉ ወደ ሽቦ ዞረ። ሽቦም ለመጀመሪያ ጊዜ ከሁሉም አቅጣጫ ታየ።

«አልጻፍኩም!» አለ። «ስልኩን ለሙከራ ነው ቻርጅ የማደርገው፤ በአሮጌ ስልክ ይሠራ እንደሆነ የምናየው በእሱ ነው። እሺ፣ ቃሌን ላፍርስ፤ ትናንት ‹ደክሞኛል፣ እባክህ እንዝጋው› አለችኝ። እኔ ነኝ እምቢ ያልኩት። ‹ከዘጋሽው አንቺን አላውቅሽም› ብዬ ጮህኩባት። ሌላ ምንም አላደረግሁም።»

«እኔ?» አለ ቀትር ከካሜራው ጀርባ። «እኔ ‹ደክሞኛል› አልኩህ?» ክፍሉ በሳቅ አውካካ። ስክሪኑ ላይ የሳቅና የልብ ምልክት ጎረፈ።

ሽቦ አልሳቀም። «አንቺ አይደለሽም» አለው። «እሷ ናት ያለችኝ።»

«የተያዘ ሁሉ ‹ራሷ ናት› ይላል» አለ አነፍናፊው። ካቴናውን ከወገቡ መዝዞ ለካሜራው አሳየ። የሽቦ ቀጫጭን የእጅ አንጓዎች ላይ ቀጭ፣ ቀጭ አለ። ጭብጨባው ሕንፃውን ነቀነቀው፤ ሰባት ፎቅ ወደ ታች ያለ ሰው የመሬት መንቀጥቀጥ መስሎት ሮጦ ወጥቷል። ይህን የማያምን ሄዶ ይጠይቅ።

«ይቅርታ» አለ አንድ ድምፅ።

የሞተር እናት በሩ ላይ ቆመዋል። ድምፃቸውን ከፍ አላደረጉም፤ ክፍሉ ነው ዝቅ ያለላቸው።

«ያን ልጅ ፍቱት። ልጄ እኔ ቤት ተኝታለች።»

ስልኮቹ ብቻ ተንዘፈዘፉ።

«ጎህ ሳይቀድ በእግሯ መጣች» አሉ እናቲቱ። «ጣቷን ስኒ ቆርጧት ነበር፤ አሰርኩላት። ስልኳን ውሃ ውስጥ ከተትኩት አለችኝ፤ ዝም እንዲል ብላ ነው። ወንበሩን በርግጫ ነው የመታሁት፣ መጋረጃውንም እኔ ነኝ የጎተትኩት ብላለች። በዚህ እንኳ ቆጥቻታለሁ። ጠዋት እርስዎ ሲመጡ ከግድግዳው ወዲያ ነበረች። ልነግርዎት ነበር፤ አላስጨረሱኝም። ደግሞ እየጮሁ ነበርና እንዳትነቃብኝ ፈራሁ።»

አነፍናፊው ካቴናውን አየ። ኪሱ ውስጥ ስልኩ መንቀጥቀጥ ጀመረ፤ ማን እንደደወለ ለማወቅ ማየት አላስፈለገውም። ሳጅኗ እጇን ዘርግታ የካቴናውን ቁልፍ ጠበቀች።

«ታዲያ... የመንገድ መብራቱ?» አለ ቀትር፤ ድምፁ የልጅ ድምፅ ሆኗል። «ቀሚሷስ?»

«ቤታችን መብራት ነበረው የኔ ልጅ። ቀሚስም ነበራት፤ ሀብት ባይኖረንም አባቷ መንግሥት ቤት ሠራተኛ ነበር። ሬዲዮ ፈታ አታውቅም። ብሎን መፍቻም ይዛ አታውቅም፤ ስልክ የሚጠግነው እሱ ነበር» አሉ ወደ ሽቦ በአገጫቸው እያመለከቱ። «እሷ አጠገቡ ተቀምጣ ሰው ታጫውት ነበር። ሰው መስማት ትወድ ነበር። እኔ የማውቀው ይህን ነው።»

«እና ጽሑፉን...» አለች ንጋት።

«በኔ ስልክ ጻፈችው። አሮጌ ነው፤ እሷ ናት ድሮ የገዛችልኝ። አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጣ ብዙ ጊዜ ጻፈች፣ አጠፋች፣ ጻፈች። ስትጨርስ አነበበችልኝና ‹እማ፣ እኔን ይመስላል?› አለችኝ። ‹አዎ› አልኳት። ከዚያ ተኛች።»